ጌሙ «አክሰስ ዲናይድ» ሲላችሁ ፎርማት ከማስደረጋችሁ በፊት ይቺን እዩ

የአክስቴ ልጅ ከኮምቦልቻ ደወለና ሰላምታው እንኳን ሳያልቅ «ኧረ በአላህ ድረስልኝ፣ ጌሜ አልከፍት አለኝ» አለኝ። ላፕቶፑ ዘገየብኝ ብሎ አንድ ጥገና ቤት ወስዶት ዊንዶውሱን እንደ አዲስ ጭነውለታል፣ ዲ ድራይቭ ላይ ያሉት ጌሞች ግን ሳይነኩ ቁጭ ብለዋል፣ ከዛ ቤቱ ገብቶ ፔስ 2017 ሚባለውን የኳስ ጌም ደብል ክሊክ ሲያረግ ዊንዶውስ ፈቃድ የለህም ይለዋል። ተመልሶ ሲጠይቃቸው «እንደገና ፎርማት ይደረግ» አሉት። ምንም እንዳትነካ፣ ቅዳሜ እመጣለሁ አልኩትና ከደሴ ሚኒባስ ተሳፍሬ የሐረጎን ቁልቁለት ወረድኩ። እዛ ያገኘሁትንና ከዛ በፊትም በራሴ ኮምፒውተር ላይ የደረሰብኝን አንድ ላይ ልፃፈው ብዬ ነው፣ ምክንያቱም ይሄንኑ ጥያቄ እዚህ ደሴ ፒያሳ ካሉ ልጆችም በየጊዜው እሰማዋለሁ።

መጀመሪያ ግን አንድ ነገር። «አክሰስ ዲናይድ» ማለት ጌሙ ተበላሽቷል ማለት አይደለም። ፋይሉ አለ፣ ቦታው ላይ ነው፣ በር ላይ የቆመ ዘበኛ ነው አታልፍም ያለው። ዘበኛው ዊንዶውስ ራሱ ሊሆን ይችላል፣ የዊንዶውስ አንቲቫይረስ ዲፌንደር ሊሆን ይችላል፣ ፋይሉን ቀድሞ የያዘ ሌላ ፕሮግራም ሊሆን ይችላል፣ አንዳንዴ ደግሞ ዘበኛም የለም፣ ሃርድ ዲስኩ ታሞ ነው። ማን እንደከለከላችሁ ሳታውቁ ጌሙን አጥፍታችሁ ብትጭኑት ያው ዘበኛ እዛው ቆሞ ይጠብቃችኋል፣ ዳታችሁ ነው የሚያልቀው።

ስለዚህ የወጣውን ፅሁፍ ኦኬ ብላችሁ ከመዝጋታችሁ በፊት በስልክ ፎቶ አንሱት። ቁጥሩ ብዙ ይናገራል። ኤረር 5 ከሆነ ፈቃድ ነው፣ ንፁህ አክሰስ ዲናይድ። ኤረር 2 ከሆነ ፋይሉ ጭራሽ የለም፣ 3 ከሆነ ፎልደሩ የለም፣ 32 ከሆነ ሌላ ፕሮግራም ይዞታል። ዜሮ ኤክስ ብሎ ጀምሮ ሲ፣ አምስት ዜሮ፣ 22 ብሎ የሚያልቅ ረጅም ቁጥር ካመጣ እሱም ፈቃድ ነው። መጨረሻው 22 ሳይሆን 7ቢ ከሆነ ግን ሌላ በሽታ ነው፣ ባለ 32 ቢትና ባለ 64 ቢት ፋይል ተደባልቆበት ነው፣ ብዙ ጊዜ ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ሪዲስትሪቢዩተብል ሚባለውን ሁለቱንም አይነት ስትጭኑ ይስተካከላል፣ ፈቃድ ስትፈትሹ አትዋሉ።

ፈቃድ መሆኑን ካወቃችሁ ጌሙ ላይ ራይት ክሊክ አርጋችሁ ሩን አዝ አድሚኒስትሬተር በሉት። ይሄ መድሀኒት ሳይሆን ምርመራ ነው። ከከፈተ ጌሙ ያለበት ቦታ ላይ መፃፍ ተከልክሎ ነበር ማለት ነው። አብዛኛው ሰው እዚህ ላይ ተመስገን ብሎ ይቆማል፣ ሁልጊዜ በአድሚን ይከፍተዋል፣ እኔ ግን አልመክርም፣ ከየት እንደመጣ በደንብ ለማታውቁት ጌም የቤታችሁን ሙሉ ቁልፍ እንደ መስጠት ነው። ይልቅ ጌሙ ሲ ድራይቭ ላይ ፕሮግራም ፋይልስ ውስጥ እንደሆነ እዩ። ከቪስታ ጀምሮ ማለትም ከ2007 ወዲህ ዊንዶውስ እዛ ፎልደር ውስጥ ተራ ፕሮግራም እንዲፅፍ አይፈቅድም፣ የድሮ ጌሞች ደግሞ ሴቭም ሴቲንግም እዛው ራሳቸው ጋ መፃፍ ነው የለመዱት። ዲ ላይ ወይም ሲ ላይ ከፕሮግራም ፋይልስ ውጪ አንድ ፎልደር ፍጠሩና እዛ ጫኑት፣ አለቀ። ስቲም (ጌም መግዣና ማውረጃው ፕሮግራም) ላይ ከሆነ ራሱ ስቲም ውስጥ ሙቭ ማድረጊያ አለ፣ እሱን ተጠቀሙ።

ወደ አክስቴ ልጅ ልመለስ። የሱ ጌም ዲ ላይ ነው፣ በአድሚንም አልከፍት አለ። ፎልደሩ ላይ ራይት ክሊክ፣ ፕሮፐርቲስ፣ ከዛ ሴኩሪቲ ሚለውን ስከፍት ውስጡ ያለው ስም አንድ ብቻ ነው፣ እሱም ስም አይደለም፣ አካውንት አንኖውን ብሎ በኤስ የሚጀምር የትየለሌ ቁጥር። እንዴ፣ ማነው ሌላውን ሁሉ ያጠፋው ስለው ሳቁን ዋጠ። ለካ ታናሽ ወንድሙ ጌሙን እንዳይነካበት የዛሬ አመት ዩቲዩብ አይቶ ከራሱ አካውንት በስተቀር ሁሉንም ሰርዞ ነበር። ዊንዶውስ ሰውን የሚያውቀው በስሙ ሳይሆን በዛ ቁጥር ነው። አዲስ ዊንዶውስ ሲጫን ያንኑ ስም ብታወጡለት እንኳን ቁጥሩ ሌላ ነው፣ ስለዚህ ልጁ ለኮምፒውተሩ እንግዳ ሆነ። ለወንድሙ የገዛውን ቁልፍ ራሱ ላይ ቆለፈው!

ኤክስተርናል ሃርድ ዲስክ ከጓደኛችሁ ተውሳችሁ ተመሳሳይ ነገር ካጋጠማችሁም መፍትሄው ይሄው ነው። ፎልደሩ ላይ ፕሮፐርቲስ፣ ሴኩሪቲ፣ አድቫንስድ ትገባላችሁ። ከላይ ኦውነር (ባለቤት) ሚል አለ፣ ጎኑ ያለውን ቼንጅ ተጭናችሁ የራሳችሁን ዩዘርኔም ፅፋችሁ ቼክ ኔምስ ትላላችሁ፣ ስሙ ስር መስመር ከተሰመረበት አገኘው ማለት ነው። ኦኬ ስትሉ ከስር ሪፕሌስ ኦውነር ብሎ የሚጀምር ሳጥን ይመጣል፣ እሱን ራይት አርጉት፣ ካልሆነ የውጪው ፎልደር ብቻ ነው የናንተ የሚሆነው፣ ውስጡ እንደተቆለፈ ይቀራል። አፕላይ ብላችሁ ሁሉንም ዝጉና እንደገና አድቫንስድ ክፈቱ፣ መዝጋቱን አትዝለሉት አለበለዚያ አዲሱን ነገር አያሳያችሁም። አሁን ኢኔብል ኢንሄሪታንስ ሚለውን ተጫኑ፣ ከስር ደግሞ ሪፕሌስ ኦል ቻይልድ ሚለውን ራይት አርጉ፣ ፎልደሩ የዲ ድራይቭን የተለመደ ፈቃድ ይወርሳል። ፋይሉ ብዙ ከሆነ ይቆያል፣ ቡና አፍሉ።

ይሄንን ታዲያ የጌሙ ፎልደር ላይ ብቻ። ሲ ድራይቭ በሙሉ ላይ ወይም ዊንዶውስ ሚለው ፎልደር ላይ እንዳታረጉት፣ ያኔ እውነትም ፎርማት ያስፈልጋችኋል። ከማይክሮሶፍት ስቶር የመጣ ጌም ካላችሁም ዊንዶውስአፕስ ሚለውን ፎልደር ኦውነር ለመቀየር አትሞክሩ፣ እሱ ሆን ተብሎ ነው የተቆለፈው፣ ስቶሩን ራሱን ሊያበላሽባችሁ ይችላል።

እግረ መንገዴን ስለ ሪድ ኦንሊ። ፎልደር ላይ ፕሮፐርቲስ ስትከፍቱ ሪድ ኦንሊ ሚለው ሳጥን ውስጥ ጥቁር ካሬ ነገር አለ አይደል፣ ታጠፉታላችሁ፣ ተመልሳችሁ ስታዩት አለ፣ ታጠፉታላችሁ፣ አለ። ስንቱ ልጅ በዚህ አብዷል። ያ ካሬ ፎልደሩ ተቆልፏል ማለት አይደለም፣ ሁሌም እንደዛ ነው የሚታየው፣ የሚመለከተው ውስጥ ያሉትን ፋይሎች ብቻ ነው። የተለየ ፋይል ለምሳሌ የሴቲንግ ፋይሉ ራሱ ሪድ ኦንሊ ከሆነ እሱን አጥፉለት፣ ካሬውን ግን ተዉት።

አሁን ዲፌንደር። ይሄ ሁለት አይነት ተንኮል አለው። አንደኛው ፋይሉን ወስዶ ማሰር ነው። ትናንት የሰራ ጌም ዛሬ ኤግዘው (ጌሙን የሚያስነሳው ፋይል) የለም ካለ ዊንዶውስ ሴኩሪቲን ክፈቱና ፕሮቴክሽን ሂስትሪን እዩ፣ ኳራንቲን የገባ ካለ ስሙና ቀኑ እዛ አለ። ጌሙን ከታወቀ ቦታ ያገኛችሁት ከሆነና በስህተት እንደተያዘ ካመናችሁ ሪስቶር ማለት ይቻላል። ከፍላሽ ወደ ፍላሽ ሲገለበጥ የኖረ ክራክ (ሳይገዛ እንዲሰራ የተነካካ ጌም) ከሆነ ግን እኔ የለሁበትም፣ ሁሉም «አንቲቫይረሱን አጥፋው» ነው ሚለው፣ ከሱ ውስጥ የቱ እውነተኛ ቫይረስ እንደሆነ በአይን አይታወቅም።

ሁለተኛው እኔን ራሴን ሁለት ቀን ያስለፋኝ ነው። ጌሙ ይከፍታል፣ ይጫወታል፣ ሴቭ ሲል ብቻ ኤረር፣ ወይ ደግሞ ገና ሲከፈት መፃፍ አልቻልኩም ብሎ ይዘጋል። በአድሚን ስከፍተው ያው ነው። ፈቃዱን ሁሉ አየሁ፣ ንፁህ ነው። ኋላ ሳየው ኮንትሮልድ ፎልደር አክሰስ በርቶ ነው፣ ራንሰምዌር ፕሮቴክሽን ሚለው ስር ያለ ነገር ነው፣ ከ2017 ጀምሮ ዊንዶውስ 10 ላይ የመጣ፣ በራሱ አይበራም፣ ጥሩ ነገር መስሎኝ ራሴው ነኝ ያበራሁት። ጥሩም ነው እኮ፣ ዶክመንትስና ፒክቸርስ ውስጥ የማያውቀው ፕሮግራም እንዳይፅፍ ይከለክላል፣ ግን ስንትና ስንት ጌም ሴቩን የሚያስቀምጠው ዶክመንትስ ውስጥ ነው። ለዚህ ዘበኛ አድሚን መሆናችሁ ምኑም አይደለም። ማጥፋት አያስፈልግም፣ እዛው አላው አን አፕ ስሩ ሚለው ውስጥ ገብታችሁ የጌሙን ኤግዘ ጨምሩለት። ላውንቸሩን ብቻ ጨምራችሁ እንዳትሸወዱ፣ የሚፅፈው ዋናው ጌም ነው።

የአክስቴ ልጅ ፔስ ከከፈተ በኋላ ደስ ብሎት አንድ የቆየ የመኪና ጌም ሊያሳየኝ ነበር፣ እሱ ደግሞ ሌላ ኤረር፣ ፋይል መፍጠር አልቻልኩም ይላል። እዚህ ጋ ነው የኛ አገር ጉድ የመጣው። ጥገና ቤቶቹ አካውንቱን ሲፈጥሩ ስሙን በአማርኛ ነው የፃፉለት። ያምራል፣ እኔም ሳየው ደስ ብሎኛል፣ ግን ዊንዶውስ ዩዘርስ ውስጥ ፎልደሩን በዛው በግዕዝ ፊደል ይሰራዋል፣ ዩኒኮድን (የሁሉንም ቋንቋ ፊደል የሚያስነብበውን አሰራር) በደንብ የማያውቅ የድሮ ጌም ደግሞ ፊደሉን የጥያቄ ምልክት አርጎ ያነበዋል፣ የጥያቄ ምልክት ያለበት ፎልደር ዊንዶውስ ላይ የሚባል ነገር ስለሌለ ሴቭ ማረጊያ ያጣል። ሴቲንግ ገብታችሁ ስማችሁን ወደ ላቲን ብትቀይሩት የሚቀየረው የሚታየው ስም ነው፣ ፎልደሩ እንደነበረ ነው። ቀላሉ መንገድ ሴቲንግስ፣ አካውንትስ፣ አዘር ዩዘርስ ገብቶ በላቲን ፊደል አጭር ስም ያለው አዲስ ሎካል አካውንት መፍጠርና በሱ መግባት ነው። ጌሞቹን የምታስቀምጡበትን ፎልደርም «ጌሞች» ብላችሁ በአማርኛ ከሰየማችሁት ለድሮ ጌም ስትሉ ስሙን ቀይሩት፣ ያው አማርኛን ስለምንጠላ አይደለም።

ኤረር 32 ቀላል ነው፣ ጌሙ ዘግታችሁት ከስር እየሰራ ነው። ኮንትሮል፣ ሺፍት፣ ኢስኬፕ አንድ ላይ ተጭናችሁ ታስክ ማናጀር ክፈቱ፣ የጌሙን ስም ፈልጉና ኢንድ ታስክ። ዋን ድራይቭ (የማይክሮሶፍት ኢንተርኔት ላይ ፋይል ማስቀመጫ) ዶክመንትሳችሁን ወስዶት ሲንክ እያረገ ከሆነም ፋይሉን ይይዘዋል፣ ፖዝ አርጉት።

የኛ ከተማ መብራት ነገር የታወቀ ነው። ዴስክቶፕ ያለ ዩፒኤስ (መብራት ሲጠፋ የሚይዝ ባትሪ) እየሰራ ፋይል ሲፃፍ መብራት ድርግም ካለ ፋይሉ ግማሽ ሆኖ ይቀራል፣ ከዛ ፅሁፉ ኮራፕትድ ወይ አንሪደብል ይላል፣ ቁጥሩም 1392 ሊሆን ይችላል። ያኔ ፈቃድ አትነካኩ፣ በመጀመሪያ ፎቶና የትምህርት ፋይላችሁን ወደ ሌላ ዲስክ አውጡ፣ ከዛ ድራይቩ ላይ ራይት ክሊክ፣ ፕሮፐርቲስ፣ ቱልስ፣ ቼክ። ጥገናው ራሱ የተጎዳ ፋይል ሊጥል ስለሚችል ነው መጀመሪያ አውጡ ያልኩት። ስቲም ላይ ያለ ጌም ከሆነ ቬሪፋይ ኢንቴግሪቲ ብላችሁ የጎደለውን ብቻ ያወርዳል፣ ሙሉውን ከማውረድ ስንት ዳታ ያድናል።

በፍላሽ የተገለበጠ ጌም ፋይል ጎደለኝ ካለ ደግሞ ፍላሹ ፋት 32 መሆኑን እዩ። ከ4 ጊጋ በላይ የሆነ አንድ ፋይል ጭራሽ አይቀበልም፣ ገልባጩ ስኪፕ ብሎ ያልፈውና እናንተ ቤት ስትደርሱ ነው የሚታወቀው። ፍላሹ ላይ የምትፈልጉት ነገር ከሌለ ኤክስፋት አርጋችሁ ፎርማት አርጉት፣ እዚህ ጋ ፎርማት ይፈቀዳል።

ይሄ ሁሉ ተሞክሮ እምቢ ካለ ፕሮሰስ ሞኒተር ሚባል የማይክሮሶፍት ነፃ ፕሮግራም አለ፣ ትንሽ ነው፣ ዳታ አይበላም። ከፍታችሁ ፊልተሩ ላይ የጌሙን ኤግዘ ስም ስጡት፣ ጌሙን አስነሱ፣ ኤረሩ ሲመጣ ሪከርድ ማረጉን አቁሙና ሪዘልት ሚለው አምድ ላይ አክሰስ ዲናይድ ያለበትን መስመር ፈልጉ። የትኛው ፋይል ጋ እንደታገደ ሙሉ አድራሻውን ያሳያችኋል። መጀመሪያ ስታዩት መስመሩ በሺህ ስለሚሆን ያስደነግጣል፣ አብሽሩ፣ ኔም ኖት ፋውንድ ሚሉት አብዛኞቹ የተለመዱ ናቸው፣ እለፏቸው።

የአክስቴ ልጅ ሁሉም ሰርቶለት «ሴቤስ?» አለኝ። የድሮው ዶክመንትስ ከድሮው ዊንዶውስ ጋር ሄዷል ብሎ ተስፋ ቆርጦ ነበር። ሲ ድራይቭን ስከፍት ዊንዶውስ ኦልድ ሚል ፎልደር አለ፣ ለካ ጥገና ቤቱ ፎርማት አረግን ይበል እንጂ ላዩ ላይ ነው የጫነው። ይሄ ፎልደር 10 ቀን ገደማ ሲሞላው ዊንዶውስ ራሱ ያጠፋዋል፣ ስለዚህ ዊንዶውስ ባስጫናችሁ ሰሞን ቶሎ እዩት። ውስጡ ዩዘርስ፣ ከዛ የድሮ ስሙ፣ ከዛ ዶክመንትስ፣ ከዛ ኮናሚ፣ የፔስ ሰሪው ካምፓኒ ስም ነው። ስንገባ እንደገና ፈቃድ የለህም አለን፣ ልጁ ፊቱ ተቀየረ፣ ኮንቲኒው ሚለውን ተጫንኩት፣ ትንሽ አሰበና ከፈተ። የሴቩን ፎልደር ኮፒ አርገን አዲሱ ዶክመንትስ ውስጥ አስገባነው፣ ማስተር ሊጉ ካቆመበት ቀጠለ። ታናሽ ወንድሙ ከኋላችን ቆሞ ነበር የሚያየው።