በሙስና ለተጠረጠረ ሰው ዋስትና እንዴት ይጠየቃል?

ወንድሜ የአንድ መሥሪያ ቤት የግዥ ኃላፊ ነበር። በሙስና ተጠርጥሮ ሲያዝ ከቤተሰቡ ስለ ዋስትና የሚያውቅ አንድም ሰው አልነበረም። በእኛ ስህተት ተጨማሪ 14 ቀን ታስሯል።

ሕንድ ውስጥ እታሰራለሁ ብሎ የሰጋ ባለሥልጣን ሳይያዝ በፊት ፍርድ ቤት ሄዶ ዋስትና መጠየቅ ይችላል። የወንድሜ ጉዳይ በታየበት በ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ግን ዋስትና የሚጠይቀው የተያዘ ሰው ነው። ስለዚህ ሥጋት ካለ ቀድሞ ማድረግ የሚቻለው መዘጋጀት ነው። ጠበቃ ያዙ፤ ዋስ የሚሆን ሰው አነጋግሩ።

ሰውየው ከተያዘ በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት መቅረብ አለበት። ለጉዞ የሚያስፈልገው ጊዜ አይቆጠርም። የት እንደታሰረና የትኛው ችሎት እንደሚቀርብ በዚያው ቀን አጣሩ።

ከዚያ አንቀጹን እወቁ። “በሙስና ነው” መባሉ ብቻውን ምንም አይነግራችሁም። በፀረ ሙስና ልዩ የሥነ ሥርዓት አዋጅ 434/97 መሠረት ወንጀሉ ከ10 ዓመት በላይ የሚያስቀጣ ከሆነ ዋስትና የለም። ጠበቃው ይህን አዋጅ ያሻሻለውን አዋጅ 882/2007ንም አብሮ ይይ። ክስ ገና ካልተመሠረተ ደግሞ መርማሪው በየትኛው አንቀጽ እንደጠረጠረው ችሎት ፊት እንዲገልጽ ይጠይቅ።

አቤቱታው በጽሑፍ ሆኖ ይፈረማል። ምክንያቱንና የምታቀርቡትን የዋስትና ዓይነት ይይዛል። ረጅም አታድርጉት።

ዋናው ፈተና የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 67 ነው። ፍርድ ቤቱ ሰውየው ግዴታውን አያከብርም፣ ሌላ ወንጀል ይሠራል፣ ወይም ምስክር ያባብላል፣ ማስረጃ ያጠፋል ብሎ ካመነ ዋስትና ይከለክላል። በሙስና ጉዳይ መርማሪው አብዝቶ የሚያነሳው የመጨረሻውን ነው። እኛ በመጀመሪያው ቀጠሮ “የልጆች አባት ነው፣ ስኳር አለበት” ብለን ለመንን። ዳኛው በትዕግሥት ሰሙን። ግን የመርማሪውን ቃል አልመለስንም።

ይባስ ብሎ እህቴ ከችሎቱ በፊት ለንብረት ክፍሉ ሠራተኛ ደውላ ነበር። “ያ ደረሰኝ እናንተ ጋ አለ እንዴ?” ብላ ብቻ ነው የጠየቀችው። በቅን ልቦና ነበር። ሰውየው ግን ምስክር ሆኖ ተቆጥሯል። መርማሪው ተነስቶ “ቤተሰቡ ምስክር እያነጋገረ ነው” አለ። 14ቱ ቀን የመጣው በዚህ ነው። እባካችሁ፣ ለሥራ ባልደረቦቹ አትደውሉ። ሰላምታም ቢሆን ይቅር።

በሁለተኛው ቀጠሮ ጠበቃችን ሦስት ወረቀት ይዞ ገባ። አንደኛው ወንድሜ ከሥራ የታገደበት ደብዳቤ ነው። ደብዳቤው ለካ ሰው ሀብት ክፍል ተቀምጦ ኖሯል፤ ማንም አልጠየቀም። ሁለተኛው ፖሊስ ከቢሮው የወሰዳቸው ሰነዶች ዝርዝር፣ ሦስተኛው ፓስፖርቱን ለማስረከብ መስማማቱን የሚገልጽ ማመልከቻ ነበር። ዳኛው ዝርዝሩን አገላብጠው መርማሪውን “ሰነዱ ሁሉ እናንተ ጋ ነው፤ ምኑን ነው የሚያጠፋው?” አሉት። የ50 ሺህ ብር ዋስትና ተፈቀደ። ልመና ያላመጣውን ሦስት ወረቀት አመጣው።

ገንዘቡን አስቀድማችሁ አዘጋጁ። የተጠርጣሪው የባንክ ሂሳብ ሊታገድ ስለሚችል በእሱ ላይ አትተማመኑ። ንብረቱንም በሌላ ሰው ስም ለማዞር አትሞክሩ፤ ያ ራሱን የቻለ ጣጣ ነው። ደመወዝተኛ ዋስ ከሆነ ከመሥሪያ ቤቱ የዋስትና ደብዳቤ ያምጣ። ቤት ወይም መኪና የሚያሲዝ ካርታውን ወይም ሊብሬውን፣ ከዕዳና ከእገዳ ነፃ መሆኑን የሚያሳይ ማስረጃ፣ ባለትዳር ከሆነም የትዳር ጓደኛውን ፈቃድ ይያዝ። እኔ ከተቻለ ጥሬ ገንዘብ እመርጣለሁ፤ ወረቀት ማሯሯጥ ቀን ይበላል። የእኛ ትዕዛዝ ዓርብ ከሰዓት ወጥቶ ገንዘብ ቤቱ ስለተዘጋ ወንድሜ እስከ ሰኞ አድሯል።

“ዳኛውን አውቀዋለሁ” የሚል ደላላ ይመጣል። በሩን ዝጉበት። በሙስና የተጠረጠረን ሰው በጉቦ ለማስፈታት መሞከር እሱን ይቀብረዋል፣ እናንተንም ያሳስራል።

ዋስትናው ከተከለከለ በ20 ቀን ውስጥ ይግባኝ ይባላል። የውሳኔውን ግልባጭ በዚያው ቀን ጠይቁ።

ከተፈቀደ ከፍላችሁ የመፍቻውን ትዕዛዝ ራሳችሁ ተከታተሉ። ከአገር እንዳይወጣ ከታገደ ትእዛዙን በደንብ አንብቡት። የደረሰኙን ዋና ቅጂ የከፈለው ሰው ይያዘው፤ ጉዳዩ ሲያልቅ ገንዘቡ የሚመለሰው በእሱ ነው። የእኛ ደረሰኝ በእናቴ ሣጥን ውስጥ፣ በፌስታል ተጠቅልሎ ተቀምጧል።