የትልልቆቹን ቼዝ ተጫዋቾች ጨዋታ እንዴት እንማርበት፦ ደብተር፣ ቆርኪ እና አንድ ሰው

እኛ ሰፈር ኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ቅዳሜ ቅዳሜ ከሰዓት ብሎካችን ስር ልጆች ሰብስቤ ቼዝ አስጫውታለሁ፣ እና አንድ ነገር ሁሌ ያሳስበኛል፣ ልጆቹ ቲክቶክ ላይ ያዩትን ወጥመድ በቃላቸው ይዘው ይመጡና ሌላኛው ልጅ ወጥመዱ ውስጥ ካልገባላቸው አምስተኛዋ ሙቭ (እርምጃ) ላይ ምን እንደሚያደርጉ ይጠፋቸዋል። የአለም ሻምፒዮን የነበረው ካርልሰን ማነው ብትሏቸው ያውቁታል። አንድ የካርልሰን ጨዋታ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አይታችኋል ወይ ስትሏቸው ግን ዝም ነው። ስለዚ እኔ የምላችሁ አንድ ተጫዋች ምረጡ፣ ጨዋታዎቹን ከልጅነቱ ጀምሮ በተራ ተከተሉ፣ የተሸነፈባቸውንም ጭምር። ኦፕኒንግ (የጨዋታ አከፋፈት) ከዛ በኋላ ይደርሳል።

እቃው ቀላል ነው። ቦርድ ከሌላችሁ ካርቶን ላይ 8 በ8 አስምሩ፣ 32 ቆርኪ ከግሮሰሪ ለምኑ፣ እንደ ዳማው አንዱን ወገን በፊቱ ሌላውን በጀርባው አድርጉት፣ ከዛ ትንሽ ወረቀት ላይ ፊደል ጽፋችሁ ለጥፉበት። ንጉስና ንግስት ሁለቱም በ"ን" ስለሚጀምሩ ልጆቹ ይምታታባቸዋል፣ እኛ ንግስቷን "ክ" ነው ያልናት፣ ክዊን ለማለት። ወታደሮቹ ባዶ ቆርኪ ይሁኑ። ጨዋታዎቹን ሊቸስ (Lichess) የሚባል ድረገጽ ላይ በነፃ ታገኛላችሁ፣ ግን ስልክ ላይ አትተዉት፣ እዚ መብራት እንደልብ ስለማይገኝ ብቻ ሳይሆን በእጅ ሲጻፍ ስለሚያዝ ደብተር ላይ ገልብጡት። ዓምዶቹ ከኤ እስከ ኤች፣ መደዳዎቹ ከ1 እስከ 8፣ በቃ ኢ4 ብሎ መጻፍ የሶስተኛ ክፍል ልጅም ይችላል።

አሰራሩ እንዲ ነው። የአሸናፊውን ወገን ያዙ፣ ቀጣዩን ሙቭ በወረቀት ሸፍኑ፣ እናንተ ብትሆኑ ምን እንደምትጫወቱ ጻፉ፣ ከዛ ግለጡት። ከተገጣጠመ ምልክት አድርጉ፣ ካልተገጣጠመ ለምን እሱ ያንን መረጠ ብላችሁ አንድ አረፍተ ነገር ጻፉ። ኮምፒውተሩን (ጥሩውን ሙቭ የሚያሰላውን ኢንጂን) መጨረሻ ላይ ነው የምትከፍቱት፣ ቀድማችሁ ከከፈታችሁት ጭንቅላታችሁ ማሰብ ያቆማል፣ ይሄንን ብዙ ልጅ ላይ አይቻለሁ።

ለጀማሪ ፖል ሞርፊን ነው የምመክረው። የኒው ኦርሊንስ ልጅ ነው፣ እ.ኤ.አ. 1857 የመጀመሪያውን የአሜሪካ ቼዝ ኮንግረስ አሸነፈ፣ በማግስቱ አመት አውሮፓ ሄዶ በጊዜው ከትልልቆቹ አንዱ የነበረውን አንደርሰንን የሚያክል ሰው ደበደበ፣ ከዛ ገና በወጣትነቱ ትልቁን ጨዋታ ተወው። እሱን የሚያሳየው ደሞ የ1858ቱ የፓሪስ ኦፔራ ቤት ጨዋታ ነው፣ በ21 አመቱ ነጭ ይዞ ብቻውን ሆኖ እየተመካከሩ ከሚጫወቱ ሁለት መኳንንት፣ አንድ ዱክና አንድ ካውንት ጋር የተጫወተው፣ ያለቀውም በ17 ሙቭ። 15ኛው ሙቭ ላይ ጥቁር በፈረሱ ቢሾፑን (በሰያፍ የሚሄደውን) ሲበላ አቁሙና ልጆቹን ጠይቁ። እኛጋ ብዙዎቹ የሚበላ ነገር ሲፈልጉ አንዷ የ11 አመት ልጅ "ጋሼ፣ ክዊኗን ይስጣቸዋ" አለች፣ እውነትም 16ኛው ሙቭ ክዊን ቢ8 ቼክ (ንጉሱን ማስፈራራት) ነው፣ ፈረሱ ሲበላት ሩኩ (ቀጥ ብሎ የሚሄደው) ዲ8 ገብቶ ሜት፣ ንጉሱ ማምለጫ የለውም። ደስታዋን ብታዩት! ከዛ ቦርዱን ሳታፈርሱ አንድ ነገር አሳዩአቸው፣ የጥቁር ኤፍ8 ቢሾፕና ኤች8 ሩክ ጨዋታው እስኪያልቅ ንቅንቅ አላሉም፣ ሞርፊ ግን የነበረውን ሁሉ አውጥቶ ተጠቅሟል። እቃችሁን ቶሎ አውጡ የሚለውን ምክር ከዚ በላይ የሚያስረዳ የለም።

ሁለተኛው ካፓብላንካ ነው፣ እውነቱን ለመናገር እኔ በጣም የምወደው እሱን ነው። ሃቫና ኩባ በ1888 ተወለደ፣ በ1921 ላስከርን፣ 27 አመት ሻምፒዮን ሆኖ የቆየውን ሰውዬ፣ አንድም ጨዋታ ሳይሸነፍ 4 አሸንፎ 10 እኩል ወጥቶ ዙፋኑን ወሰደበት። ከ1916 እስከ 1924 ማንም አላሸነፈውም፣ ስምንት አመት! ያ ጉዞ ያበቃው በ1924 ኒውዮርክ ቶርናመንት ላይ ሬቲ የሚባል ተጫዋች ሲያሸንፈው ነው። እዚጋ ነው በተራ መከተል የሚጠቅመው፣ ምክንያቱም ከዚ ሽንፈት በኋላ እዛው ቶርናመንት ላይ ነጭ ይዞ ታርታኮወር ከሚባል ተጫዋች ጋር የተጫወተው የሩክ ኢንድጌም (የጨዋታ መጨረሻ) እስከዛሬ ድረስ አሰልጣኞች የሚያስተምሩበት ነው። ወታደሮቹን ማዳን ሲችል ሁለቱን በቼክ ጭምር አስበልቶ ንጉሱን በጂ3፣ በኤች4፣ በጂ5 አድርጎ ኤፍ6 ድረስ ይወስደዋል። ልጆቹ ሁሌ ወታደር ስለሚሳሱ እዚጋ ይከራከሩኛል፣ ይከራከሩ፣ እኔ መልሱን ቶሎ አልነግራቸውም፣ ንጉሱ ኤፍ6 ሲደርስ ጥቁሩ ጥግ ላይ ታፍኖ ምንም ማድረግ እንደማይችል ራሳቸው ያዩታል። ለዚ ጨዋታ ብቻ ሁለት ቅዳሜ ስጡት። ቀጥሎ በ1927 ቦነስ አይረስ ላይ አሌኪን የሚባለው ተጫዋች 34 ጨዋታ ፈጅቶ ዙፋኑን እንዴት እንደወሰደበት ሁለት ሶስት ጨዋታ እዩ፣ ካፓብላንካ የመልስ ግጥሚያ ሳያገኝ ነው የሞተው፣ ያሳዝናል።

አሜሪካዊውን ፊሸርን ሁሉም ስለሚያወራለት አላበዛም። በ1971 ታይማኖቭን 6 ለ0፣ ላርሰንን 6 ለ0፣ በ1972 ሬይክያቪክ ላይ የአለም ሻምፒዮኑን ስፓስኪን 12.5 ለ8.5 አሸነፈ። ለልጆች የምነግራቸው ግን የስፓስኪውን ግጥሚያ አጀማመር ነው፣ የመጀመሪያውን ጨዋታ ተሸነፈ፣ ሁለተኛውን ሳይቀርብ ቀርቶ በፎርፌ ተወሰደበት፣ 2 ለ0 ተመርቶ ነው ያሸነፈው።

ሴት ልጆች ካሏችሁ ዩዲት ፖልጋርን ሳታሳዩ እንዳታልፉ። በ1991 በ15 አመቷ ግራንድማስተር (የቼዝ ትልቁ ማዕረግ) ሆና የፊሸርን የእድሜ ሪከርድ ሰበረች፣ ሬቲንጓ (የተጫዋች አቅም የሚለካበት ነጥብ) 2735 ደርሶ ከአለም ወንዶቹም ተቆጥረው 8ኛ ነበረች፣ በ2002 በራፒድ (በአጭር ሰዓት በሚያልቅ ጨዋታ) የቀድሞውን የአለም ሻምፒዮን ካስፓሮቭን አሸንፋለች። አንዲት እናት ልጃቸው ወንዶች መሀል መቀመጧ ከብዷቸው ነበር፣ ይሄን ስነግራቸው "በል እንግዲህ ልጄ፣ አደራህን" ብለው ሄዱ፣ ልጅቷ እስካሁን አንድ ቅዳሜ አልቀረችም።

ከአህጉራችን ደሞ ግብፃዊውን ባሰም አሚንን ያዙ፣ የህክምና ዶክተር ሆኖ እያለ 2700 ሬቲንግ ያለፈ የመጀመሪያው አፍሪካዊ ነው። ከካምፓላ ካትዌ ሰፈር የወጣችውን ፊዮና ሙቴሲን ደሞ የሷን ጨዋታ ከግራንድማስተሮቹ ጋር ለማወዳደር ሳይሆን ከምን አይነት ኑሮ ተነስታ የቼዝ ኦሎምፒያድ (የሀገራት ውድድር) እንደደረሰች ለማሳየት ንገሯቸው።

መጨረሻ ላይ አንድ የቅርብ ጊዜ ጨዋታ ጨምሩ፣ ዲሴምበር 2024 ሲንጋፖር፣ ሻምፒዮኑ ዲንግ ሊረንና ተፎካካሪው ጉኬሽ ለአለም ሻምፒዮንነት ያደረጉት 14ኛውና የመጨረሻው ጨዋታ። ዲንግ እኩል መውጣት የሚችልበትን ኢንድጌም ይዞ ሩኩን ኤፍ2 ላይ አደረገ፣ ሩኮቹ ተለዋወጡ፣ ቢሾፖቹም ተከትለው መለዋወጣቸው አልቀረም፣ በወታደሮቹ ብቻ ጉኬሽ በ18 አመቱ የአለም ሻምፒዮን ሆነ። ቢሾፖቹ ከመለዋወጣቸው በፊት አቁሙና ሁሉንም ቆርኪ አንስታችሁ ንጉሶቹንና ወታደሮቹን ብቻ አስቀሩ፣ ማን እንደሚያሸንፍ ልጆቹ ይቁጠሩ።

አስር ጨዋታ ሲሞላላችሁ ደብተሩን ገልብጡትና ከኋላው በኩል የራሳችሁን ጨዋታ መጻፍ ጀምሩ፣ በተለይ የተሸነፋችሁበትን፣ ቀኑንና የተጫዋቹን ስም ጨምራችሁ።