«የልብ ጮራ»፦ ስሜት ሲነካው የሚያበራ ምናባዊ ተክል ከቡና ቅርንጫፍ እንዴት ይሠራል?

የልብ ጮራ በየትኛውም ጫካ አይበቅልም። ሦስት አባላት ያሉት ምናባዊ የዕፅ ቤተሰብ ነው። ደንጋጤ የነካው ሰው ሲደነግጥ ቦግ ይላል። ናፋቂ ቆይተው ካልያዙት አይበራም፤ ሲለቁትም ቀስ እያለ ነው የሚከስመው። አኩራፊ ደግሞ ሲያበራ ውሎ የተጨነቀ እጅ ሲያርፍበት ይደበዝዛል። እዚህ የምናሳየው የደንጋጤን አሠራር ነው። እሱን የሠራ ሰው ሌሎቹን ለመሥራት አይቸገርም። ጅማ ለሚኖር ሰው ግንዱ በየጓሮው አለ፤ ቀሪው ሬዲዮ ጠጋኝ ዘንድ አይጠፋም።

ምስጢሩ ላብ ነው። ስንደነግጥ፣ ስንደሰት ወይም ስናፍር የጣቶቻችን ጫፍ በትንሹ ያልበዋል። ላብ ጨው ያለበት ውሃ ስለሆነ፣ ለዓይን ባይታይም እንኳ ኤሌክትሪክ በቆዳ ላይ በቀላሉ እንዲያልፍ ያደርጋል። ትራንዚስተር የሚባለው ባለ ሦስት እግር ትንሽ የኤሌክትሮኒክስ ዕቃ ይህችን ጥቂት ለውጥ አጉልቶ ወደ ብርሃን ይቀይራታል። ስለዚህ ተክሉ ደስታን ከፍርሃት አይለይም። በሩጫ ወይም በሙቀት የመጣ ላብም ያበራዋል። ይህን ለሚነካው ሰው አስቀድሞ መንገር ተገቢ ነው፤ «ዋሸህ» ለማለት የሚያገለግል ዕቃ አይደለም።

የሚያስፈልጉት

አንድ ቢሲ 547 ትራንዚስተር፣ ሦስት ቢጫ ወይም አረንጓዴ ኤልኢዲ (ባለ 5 ሚሊ ሜትር ትንሽ መብራት)፣ ሦስት ባለ 470 ኦም ሬዚስተር (የኤሌክትሪክ ጅረትን የሚገድብ)፣ አንድ ባለ 10 ኪሎ ኦም ሬዚስተር፣ ባለ 9 ቮልት ባትሪ ከነማያያዣው፣ 2 ሜትር ቀጭን የመዳብ ሽቦ፣ ናስትሮ፣ አንድ አረንጓዴ የፕላስቲክ ጠርሙስ። በተጨማሪ ከተበላሸ ሬዲዮ የወጣ ድምፅ መጨመሪያና መቀነሻ ያስፈልጋል፤ 50 ወይም 100 ኪሎ ኦም የሆነውን ምረጡ።

ግንዱ

ቡና ሲገረዝ ከወደቀው ውስጥ አውራ ጣት የሚያህል ውፍረትና 35 ሴንቲ ሜትር ያህል ርዝመት ያለውን ምረጡ። ልጡን ልጣችሁ ጥላ ውስጥ አድርቁት። እርጥብ እንጨት ራሱ ኤሌክትሪክ ያስተላልፋል፤ ማንም ሳይነካው የሚያበራ ተክል የሚገኘው አብዛኛውን ጊዜ ከዚህ ነው። በጅማ ክረምት የደረቀውም እንጨት መልሶ እርጥበት ይስባል። ስለዚህ ሽቦው የሚጠመጠምበትን ቦታ በቅድሚያ ሁለት ዙር ናስትሮ አልብሱት።

ከዚያ ላስቲኩ የተላጠ የመዳብ ሽቦ በናስትሮው ላይ ስድስት ዙር ጠምጥሙ። 2 ሴንቲ ሜትር ዝቅ ብላችሁ ሌላ ስድስት ዙር ጨምሩ። ሁለቱ ጥምጥሞች መነካካት የለባቸውም። የአንድ እጅ ሌባ ጣትና መሐል ጣት የሚያርፉት እነዚህ ላይ ነው።

ቅጠሎቹ

የቡና ቅጠል ጥንድ ጥንድ ሆኖ ነው የሚወጣው፤ ጫፉም ሹል ነው። ጠርሙሱን በዚያው ቅርፅ ቁረጡና ሁለቱንም ገጽ በብርጭቆ ወረቀት እሹት። ያልታሸ ፕላስቲክ ብርሃኑን አሳልፎ ይሰደዋል፤ ሲታሽ ግን ብርሃኑ ውስጡ ይበተንና ቅጠሉ ከነጠርዙ ይበራል። ኤልኢዲውን ቅጠሉ ሥር፣ ፊቱን ወደ ቅጠሉ ጫፍ አዙራችሁ እሰሩት።

ሽቦው

የትራንዚስተሩን ጠፍጣፋ ፊት ወደ እናንተ፣ እግሮቹን ወደ ታች አድርጉ። ከግራ ወደ ቀኝ ሰብሳቢ (ኮሌክተር)፣ መሠረት (ቤዝ)፣ አመንጪ (ኤሚተር) ናቸው። በምትኩ 2ኤን 3904 ከተሰጣችሁ ሰብሳቢውና አመንጪው ቦታ ተለዋውጠዋልና ተጠንቀቁ።

1. ከባትሪው ፖዘቲቭ ሦስቱን ባለ 470 ሬዚስተሮች አውጡ፤ እያንዳንዱን ከአንድ ኤልኢዲ ረጅም እግር ጋር አገናኙ።
2. የኤልኢዲዎቹን አጭር እግሮች አንድ ላይ ጠምዝዛችሁ ከሰብሳቢው ጋር እሰሩ።
3. አመንጪውን ከባትሪው ኔጌቲቭ ጋር አገናኙ።
4. የላይኛውን ጥምጥም ከፖዘቲቭ ጋር፣ የታችኛውን ደግሞ በባለ 10 ኪሎ ኦሙ ሬዚስተር በኩል ከመሠረቱ ጋር አያይዙ። ይህ ሬዚስተር ከሌለ ሁለቱ ጥምጥሞች በስሕተት ሲነካኩ ትራንዚስተሩ ይቃጠላል።
5. የድምፅ መቆጣጠሪያውን መሐለኛ እግር ከመሠረቱ፣ አንዱን የዳር እግር ከአመንጪው ጋር አገናኙ።

ኃይል ከባትሪ ብቻ ይሁን። የስልክ ቻርጀርም ሆነ ሌላ ከግድግዳ መብራት የሚመጣ ነገር አትጠቀሙ፤ የሰው ቆዳ የሚነካው ዕቃ ነው።

ከእጅ ጋር ማስተዋወቅ

ብዙ ሰው ይህን ደረጃ ዘሎት «አይሠራም» ይላል። የሁሉም ሰው ቆዳ አንድ አይደለም። ሰውየው ተረጋግቶ ይቀመጥ፤ ሁለት ጣቶቹን ጥምጥሞቹ ላይ አድርጎ አንድ ደቂቃ ይቆይ። እናንተ መቆጣጠሪያውን ቀስ እያላችሁ አዙሩ፤ ቅጠሉ አመድ የሸፈነው ረመጥ ያህል ብቻ ሲታይ አቁሙ። ክፍሉን ማጨለም ይረዳል። አሁን ከ100 ጀምሮ ሰባት ሰባት እየቀነሰ ቶሎ ቶሎ እንዲቆጥር ጠይቁት፤ ወይም ከኋላው ሳያስበው አጨብጭቡ። ብርሃኑ ከ1 እስከ 3 ሰከንድ ያህል ዘግይቶ ያድጋል። መዘግየቱ የሽቦው ጥፋት አይደለም፤ ላቡ እስኪወጣ የሚፈጀው ጊዜ ነው።

በጣም የሚያታልለው የጣት ጫና ነው። ጣት ጠበቅ ሲል ብዙ ቆዳ መዳቡን ይነካል፤ ስሜት ሳይኖር ብርሃኑ ይጨምራል። ጣቶቹን በለስላሳ ላስቲክ ሳታጠብቁ ማሰር ይህን ያስቀራል። ቅባት የነካው እጅ ተክሉን ያደነቁረዋል፤ በሳሙና ታጥቦ ደርቆ ጥቂት ይቆይ። በሥራ የጠነከረ እጅ ከሆነ ደግሞ ከጣቱ ጫፍ ይልቅ መሐለኛውን አንጓ ማስነካት ይሻላል፤ እዚያ ቆዳው ስስ ነው።

ሁለቱ ወንድሞች

ናፋቂን ለመሥራት በመሠረቱና በአመንጪው መካከል ባለ 470 ማይክሮ ፋራድ ካፓሲተር (ኤሌክትሪክ አጠራቅሞ ቀስ እያለ የሚለቅ ዕቃ) ጨምሩ፤ ረጅሙ እግር ወደ መሠረቱ ይሁን። አኩራፊ ከኤልኢዲዎቹና ከባለ 470 ሬዚስተሮቹ የሚፈልገው አንድ አንድ ብቻ ነው፤ ሌላው እንደ ደንጋጤ ነው። የኤልኢዲው አጭር እግር በቀጥታ ወደ ኔጌቲቭ ይሄዳል፤ ሰብሳቢው ደግሞ ሬዚስተሩና የኤልኢዲው ረጅም እግር ከሚገናኙበት ቦታ ላይ ይታሰራል። እጁ ሲያልበው ትራንዚስተሩ ጅረቱን ይቀማዋል፤ ቅጠሉም ይደበዝዛል። አኩራፊ ሳይነካም ባትሪ ይበላልና ስትጨርሱ ንቀሉት። ላብ የጠጣው መዳብ ይጠቁርና ንክኪው ይደክማል፤ ጥምጥሞቹን አልፎ አልፎ በብርጭቆ ወረቀት እስኪያብረቀርቁ ፈትጓቸው።