«እግዱ ተጣሰ» ብላችሁ ከማመልከታችሁ በፊት፦ በድንበር ክርክር ሊወገዱ የሚገቡ ስህተቶች

የድንበር ክርክር ያለበት ሰው ጠበቃ ቢሮ ሲገባ ጥያቄው አብዛኛውን ጊዜ አንድ ነው። «ጎረቤቴን ፍርድ ቤት አግዶታል፣ እሱ ግን አጥሩን ቀጠለ። ለምን አይታሰርም?» ንዴቱ ይገባኛል። የፍርድ ቤት ትእዛዝ ተንቆ ማየት ያማል። ግን ዳኛው የሚያዩት ንዴታችሁን ሳይሆን ማስረጃችሁን ነው።

ከሁሉም በላይ የሚያንገበግበኝ ድፍን ያለ እግድ ነው። «በክርክሩ ይዞታ ላይ ምንም ዓይነት ሥራ እንዳይሠራ ታግዷል» ይላል። ባለጉዳዩ ይህችን አንድ መስመር ይዞ እፎይ ብሎ ቤቱ ይገባል። የክርክሩ ይዞታ የቱ ነው? የምትከራከሩት እኮ ድንበሩ የት ጋ እንደሆነ ነው! ጎረቤት ተጠርቶ ሲመጣ «እኔ የሠራሁት በራሴ ይዞታ ነው» ይላል። በቃ፣ ጉዳዩ እዚያው ይቆማል።

አንድ መዝገብ ላይ ጎረቤትየው መሠረት ቆፍሮ ድንጋይ ደርድሮ ነበር። ፎቶው ጥርት ያለ ነው፣ የአካፋው ዱካ ሳይቀር ይታያል። እግዱ ላይ ግን ርዝመት የለም፣ አዋሳኝ የለም፣ ንድፍም አልተያያዘም። ያ ጉድጓድ ከድንበሩ ወዲህ ይሁን ወዲያ ማንም መናገር አልቻለም። አቤቱታው ውድቅ ሆነ። ግንቡም ወጣ።

ስለዚህ እግድ ስትጠይቁ ቦታውን ራሳችሁ ለይታችሁ ጻፉ። ለምሳሌ፦ «ከመንገዱ ጠርዝ ጀምሮ እስከ ጥዱ ድረስ፣ በተያያዘው ንድፍ ከ‹ሀ› እስከ ‹ለ› በተመለከተው፣ 2 ሜትር ስፋት ባለው ቦታ ላይ እንዳይቆፈር፣ አጥር እንዳይታጠር፣ ዛፍ እንዳይቆረጥ።» ካርታው ወይም የይዞታ ደብተሩ ኮፒ ይያያዝ። እግዱ በተሰጠበት ቀን ቦታውን ፎቶ አንሱ። ፎቶው ውስጥ የማይነቃነቅ ነገር ይግባ፦ የመብራት ምሰሶ፣ የቤት ጥግ፣ ትልቅ ድንጋይ። እግዱ አስቀድሞ ድፍን ሆኖ ከወጣ ደግሞ ተመልሳችሁ ይብራራልን በሉ። ይህን ሳታደርጉ «ተጣሰ» ብላችሁ አትሩጡ።

ሁለተኛው «ሰምቷል» ብሎ መተማመን ነው። ሰፈሩ በሙሉ ሰምቶ ይሆናል። ፍርድ ቤት የሚፈልገው ትእዛዙ ለሰውየው መድረሱን የሚያሳይ ወረቀት ነው። አልቀበልም ካለም እምቢ ማለቱ በምስክር ይጻፍ። የደረሰበት ቀን ከሌለ፣ ሥራው የተሠራው ከእግዱ በፊት ነው ለሚል ሰው መልስ የላችሁም።

አጥሩን ራሳችሁ አትንቀሉ። አደራ! እግድ ይዞ አጥር የነቀለ ሰው በማግስቱ ተከሳሽ ሆኖ ያርፈዋል። ያኛው ወገን ንብረቴ ፈረሰ ብሎ ፖሊስ ጋ ይሄዳል። የእናንተ አቤቱታም ይደበዝዛል።

ፍርድንና እግድን መቀላቀልም ብዙ ጊዜ ያስበላል። እግድ ክርክሩ እስኪያልቅ ነገሩ ባለበት እንዲቆይ የሚሰጥ ነው፤ መነሻው የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 154 እና ተከታዮቹ ናቸው። «ገፍቶ የያዘውን ይልቀቅ» የሚል የመጨረሻ ፍርድ እጃችሁ ካለ ግን መንገዱ የአፈጻጸም ማመልከቻ ነው፤ ማለትም ፍርዱ በተግባር እንዲፈጸም መጠየቅ። መሬቱን የሚመልስላችሁ አፈጻጸሙ ነው። ጎረቤት ስለተቀጣ ብቻ አንድ ስንዝር መሬት አይመለስም። ይህን ሳይረዱ የቅጣት አቤቱታ ላይ ተንጠልጥለው ጊዜያቸውን የጨረሱ ሰዎች ያሳዝኑኛል።

ተከሳሾችም ስሙኝ፤ «ይግባኝ ብያለሁ» ማለት መከላከያ አይደለም። ይግባኝ መጠየቅ ብቻውን አፈጻጸም አያቆምም። የይግባኙ ፍርድ ቤት አግዱ ብሎ ማዘዝ አለበት።

ችሎት ውስጥ መጮህ። የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 449 ዳኛን መስደብን፣ ማስፈራራትንና ችሎት ማወክን እስከ 1 ዓመት በሚደርስ ቀላል እስራት ወይም እስከ 3,000 ብር በሚደርስ መቀጮ ያስቀጣል። ፍርድ ቤቱ እዚያው ሊወስን ይችላል። ጎረቤቱን ሊያስቀጣ መጥቶ ራሱ የሚቀጣ ሰው አለ።

ሽማግሌዎች አስታርቀዋችሁ ከሆነ እሰየው። ግን ዕርቁን ጽፋችሁ፣ ፈርማችሁ ለፍርድ ቤቱ አቅርቡ። በቃል «ተስማምተናል» ተባብለው ግንባታ የጀመሩ ሰዎች፣ ስምምነቱ ሲፈርስ እግዱ እንዳለ ጸንቶ ያገኙታል።

የመጨረሻው ብዙዎች የማያስተውሉት ነው። ጎረቤት በታገደው በኩል ቆም ብሎ በሌላኛው ጎን ይገፋል። አዲሱ ጎን በእግዱ ውስጥ ካልተጻፈ ትእዛዝ ጣሰ ማለት አትችሉም። እዚያ ላይ የሚያስፈልገው ሌላ ነው፤ ወይ እግዱ እንዲሰፋ መጠየቅ፣ ወይ አዲስ የሁከት ይወገድልኝ ክስ፣ ማለትም ይዞታዬ ተነካ፣ ይቁምልኝ የሚል ክስ። የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1149 ለዚህ ክስ የሚሰጠው 2 ዓመት ነው፤ የሚቆጠረውም ይዞታው ከተነጠቀበት ወይም ሁከቱ ከተጀመረበት ቀን አንስቶ ነው። የድሮው መዝገብ እስኪቋጭ ብላችሁ አትጠብቁ። አዲሱ አጥር የታጠረበትን ቀን ዛሬውኑ ጻፉ፣ ምስክሮቻችሁንም ለዩ።