ትልልቅ ጌሞችን በፍላሽ አምጥቶ ኮምፒውተር ላይ መጫን

ኮዬ ፈጬ ወይም ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም ተቀምጦ 60 ጊጋባይት ጌም በሞባይል ዳታ ማውረድ አያዋጣም። ጌሙን በራስዎ የስቲም (ጌም የሚገዛበትና የሚወርድበት ፕሮግራም) አካውንት ከገዙትና ያወረደው ጓደኛ ካለ ፋይሉን ከእሱ ገልብጠው ያምጡ።

መጀመሪያ ፍላሹን ይዩ። ብዙ ፍላሾች በፋት 32 ፎርማት የተደረጉ ናቸው። ይህ ፎርማት ከ4 ጊጋባይት በላይ የሆነ አንድ ፋይል አይቀበልም፤ ባዶ ቦታ እያለ "ፋይሉ ትልቅ ነው" ብሎ የሚመልሰው ለዚህ ነው። ውስጡ ያለውን ሌላ ቦታ አስቀምጠው በኤክስፋት ፎርማት ያድርጉት።

የሚገለበጠው "ስቲምአፕስ" ውስጥ፣ "ኮመን" በሚለው ፎልደር ያለው የጌሙ ፎልደር ነው። እርስዎም ኮምፒውተር ላይ እዚያው ቦታ ይለጥፉትና ስቲም ላይ "ኢንስቶል" ይበሉ። ስቲም ያለውን ፋይል መርምሮ የጎደለውን ብቻ ያወርዳል። የፎልደሩን ስም ግን እንዳይነኩ፤ አንድ ፊደል ከተለየ ሁሉንም ከዜሮ ማውረድ ይጀምራል፣ ፓኬጁም በከንቱ ያልቃል።

በመሃል መብራት ቢጠፋና ጌሙ አልከፈት ቢል አይሰርዙት። በቀኝ ክሊክ "ፕሮፐርቲስ"፣ ቀጥሎ "ኢንስቶልድ ፋይልስ" ገብተው ፋይሎቹን ያስፈትሹ፤ የተበላሸው ብቻ ይተካል።

ጌሞችን ከዊንዶውስ ለይቶ ዲ ድራይቭ ላይ ማስቀመጥ ጥሩ ነው። የተጫወቱበት ሴቭ (የደረሱበትን የሚያስቀምጠው ፋይል) ግን ብዙ ጊዜ ሲ ላይ፣ "ዶክዩመንትስ" ወይም "አፕዳታ" ውስጥ ይቀራል። ኮምፒውተሩን ፎርማት ከማስደረግዎ በፊት እሱን ፈልገው ይገልብጡ።