ከሃኖይ ወጥቶ በአንድ ቀን ሁለት ፓጎዳና አንድ ጥንታዊ መንደር እንዴት ይጎበኛል?

ሃኖይ ሦስት ቀን ካላችሁ አንዱን ለገጠሩ ስጡት። ከተማዋን ጠልቼ አይደለም፣ እወዳታለሁ። ግን የሰሜን ቬትናምን ሰው በደንብ የምታዩት ከሞተር ሳይክሉ ጎርፍ ወጣ ብላችሁ፣ ማሳ ዳር ያለ መንደር ውስጥ ሰው ግቢ ገብታችሁ ሻይ ስትጠጡ ነው።

የእኔ የመጀመሪያ ጉዞ እንደዚህ አልነበረም። “በአንድ ቀን አምስት ቦታ” የሚል ጉብኝት ገዛሁና ከማላውቃቸው ሰዎች ጋር አውቶቡስ ውስጥ ታጨቅን። ፓጎዳው ላይ ሃያ ደቂቃ፣ የእደ ጥበብ ሱቁ ውስጥ ግን አንድ ሰዓት ቆየን። ማታ ስመለስ ስልኬ በፎቶ ሞልቷል፣ የትኛው ፎቶ የየትኛው ቦታ እንደሆነ ግን መለየት አቃተኝ። በሁለተኛው ጉዞዬ ሦስት ቦታ ብቻ መረጥኩ። የማካፍላችሁም እሱን ነው።

መጀመሪያ ቦታዎቹን ምረጡ

ሦስቱም ከሃኖይ በስተ ምዕራብ ናቸው፣ አንድ መስመር ላይ ማለት ይቻላል። መጀመሪያ ቹዋ ታይ የሚባለው ፓጎዳ ነው፤ ከመሃል ከተማ 25 ኪሎ ሜትር ገደማ ይርቃል። ቀጥሎ ኮረብታ ላይ ያለው የታይ ፉኦንግ ፓጎዳ። መጨረሻ ላይ ሶን ታይ ከተማ አጠገብ የምትገኘው ጥንታዊ መንደር ዱኦንግ ላም፤ እሷ 50 ኪሎ ሜትር ገደማ ትርቃለች። የቦታዎቹ ስም ለእኛ ጆሮ ስለሚመሳሰል ለሹፌር በቃል አትንገሩ። በቬትናምኛ የተጻፈውን ስልካችሁ ላይ አውጥታችሁ አሳዩት።

አራተኛ ቦታ ለመጨመር ትፈተኑ ይሆናል። ተዉት።

አንድ ነገር ቀድማችሁ ብታውቁ ጥሩ ነው። እኛ በጅምላ “ቤተ መቅደስ” የምንለውን እነሱ ለሦስት ይከፍሉታል። “ቹዋ” ፓጎዳ የምንለው የቡድሃ ሃይማኖት ቤት ነው። “ደን” ለጀግና ወይም ለንጉሥ መታሰቢያ የተሠራ፣ ሰዎች ሄደው የሚሳለሙት ቤት ነው። “ዲን” ደግሞ የመንደሩ የጋራ አዳራሽ ነው፤ የመንደሩ ጠባቂ መንፈስ የሚከበርበት፣ ሽማግሌዎች ተቀምጠው ነገር የሚጨርሱበት። ጊዜ ካላችሁ በዚህ ጉዞ ሦስቱንም ታያላችሁ።

ወቅቱን አስተካክሉ

ለእኔ የሚሻለው ኦክቶበርና ኖቬምበር ነው። ሰማዩ ጠርቶ አየሩ ቀዝቀዝ ይላል። ከጁን እስከ ኦገስት ሙቀቱ ከባድ ነው፣ ዝናቡም ድንገት ይወርዳል። በሜይ መጨረሻ ከሄዳችሁ ግን የሩዝ አጨዳ ሊያጋጥማችሁ ይችላል፤ ያኔ ገለባው የመንደሩ መንገድ ላይ ተሰጥቶ መሬቱ ሁሉ ወርቅ ይመስላል። በጨረቃ አቆጣጠር የሚከበረው አዲስ ዓመታቸው ቴት በጃንዋሪ መጨረሻና በፌብሩዋሪ አጋማሽ መካከል ስለሚውል ያን ሳምንት አስቡበት፤ ፓጎዳዎቹ በሰው ይሞላሉ፣ ብዙ ምግብ ቤት ደግሞ ይዘጋል።

ለኢትዮጵያ ፓስፖርት ቪዛ ያስፈልጋል። እ.ኤ.አ. ከኦገስት 2023 ወዲህ የኤሌክትሮኒክ ቪዛው ለሁሉም አገር ዜጎች ክፍት ስለሆነ ቤታችሁ ሆናችሁ መጠየቅ ትችላላችሁ።

አስጎብኚና መኪና ያዙ

እዚህ ላይ ገንዘብ አትቆጥቡ። ሦስት አራት ሆናችሁ መኪና ከነሹፌሩና አንድ አስጎብኚ ብትይዙ ለየብቻ ከሚከፈለው የቡድን ጉዞ ብዙም አይርቅም። በቬትናም የውጭ አገር ሰው የሚያስጎበኝ ሰው ፈቃድ ያለው ካርድ ሊኖረው ይገባል። ካርዱን ማየት ነውር አይደለም፣ ጠይቁ።

ከመክፈላችሁ በፊት ሦስት ጥያቄ አንሱ። ሱቅ ላይ እንቆማለን? ምሳ የት ነው? መንደሩ ውስጥ ስንት ሰዓት እንቆያለን? ለመጨረሻው ጥያቄ መልሱ ከሦስት ሰዓት በታች ከሆነ ሌላ ፈልጉ።

ምሳውን ከአንድ ቀን በፊት ማሳዘዝ አለባችሁ፤ ዱኦንግ ላም ውስጥ የሚበላው ሰው ቤት ነው፣ ባለቤቶቹም የሚያበስሉት ለታዘዘው ያህል ነው። የምትጾሙ ከሆነ “አን ቻይ” በሉ። ቡዲስቶቹ በጨረቃ ወር 1ኛና 15ኛ ቀን ሥጋ የሌለበት ምግብ ስለሚበሉ ነገሩን ወዲያው ይረዱታል። ብቻ የዓሣ መረቁን ነገር ለይታችሁ ንገሩ። ኑኦክ ማም የሚባለው ከዓሣ የሚጠመቅ ጨዋማ መረቅ ስንቱ ምግብ ውስጥ እንደሚገባ አይገመትም። የአሳማ ሥጋ የማትበሉም እንደዚሁ ቀድማችሁ አሳውቁ፣ እዚያ ዋናው ሥጋ እሱ ነው።

ሰዓት ስትቀጣጠሩ ተጠንቀቁ። አስጎብኚው 7:30 ሲላችሁ በእኛ ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ተኩል ማለቱ ነው። በሩቅ አገር በእንቅልፍ ልብ ሰው ይሳሳታል። በቁጥር ተጽጻፉ።

ልብስና ጓዝ

ትከሻና ጉልበት የሚሸፍን ልብስ ልበሱ። ነጠላ ያላት ነጠላዋን ትያዝ፤ ለትከሻም ለፀሐይም ይሆናል። ጫማ ቶሎ የሚወልቅ ይሁን፣ ካልሲም አትርሱ፣ ምክንያቱም ብዙ ቦታ በባዶ እግር ወይም በካልሲ ትገባላችሁ። የትንኝ መከላከያ ቅባት፣ ውሃ፣ እና ዝርዝር ዶንግ (የቬትናም ገንዘብ) ያዙ። የሙዳየ ምጽዋት ሳጥንና የመንደር ሱቅ ካርድ አያውቅም።

ጠዋት፦ ቹዋ ታይ

በጠዋት ከደረሳችሁ ኩሬው ጸጥ ብሎ ታገኙታላችሁ። ቀጥታ ወደ ውስጥ አትግቡ። ኩሬው ዳር ቁሙና መሃሉ ላይ ያለችውን ባለ ጣሪያ ትንሽ ቤት እዩ። እሷ የውሃ አሻንጉሊት ቲያትር መድረክ ናት። ሠሪዎቹ ከቀርከሃ መጋረጃ ኋላ እስከ ወገባቸው ውሃ ውስጥ ቆመው ከእንጨት የተቀረጹትን አሻንጉሊቶች በውሃ ሥር ባለ ረጅም ዘንግ ያንቀሳቅሷቸዋል። ጥበቡ የተወለደው እዚሁ ቀይ ወንዝ ሸለቆ ውስጥ፣ ውሃ ከሞላው የሩዝ ማሳ ነው። ፓጎዳውን በ11ኛው ክፍለ ዘመን እንደመሠረተ የሚነገርለት መነኩሴ ቱ ዳኦ ሃን የዚህ ጥበብ አባት ተብሎ ይከበራል። ሃኖይ ውስጥ ቲያትሩን በየቀኑ ማየት ይቻላል። እዚህ ኩሬ ላይ ማየት የምትፈልጉ ግን ጉዟችሁን ከክብረ በዓሉ ጋር አጋጥሙት፤ በጨረቃ አቆጣጠር በሦስተኛው ወር ከ5 እስከ 7 ቀን ነው።

ከኩሬው ግራና ቀኝ ሁለት ጣሪያ ያላቸው ድልድዮች አሉ፣ አንዱ የፀሐይ አንዱ የጨረቃ ይባላሉ። እ.ኤ.አ. በ1602 ያሠራቸው ፉንግ ካክ ኾዋን የተባለ ሹም ነው። እንጨቱን በእጃችሁ ንኩት።

ወደ ውስጥ ስትገቡ ሥርዓቱ እንዲህ ነው። በቀኝ በር ትገባላችሁ፣ በግራው ትወጣላችሁ፤ የመሃሉን በር ተዉት። ደፉ ከፍ ያለ ነው፣ ተሻገሩት እንጂ አትርገጡት። ወደ ምስሎቹ በጣት አትጠቁሙ፣ ስትቀመጡም እግራችሁን ወደ እነሱ አትዘርጉ። ሰው ሲጸልይ ፎቶ አታንሱ። ዕጣኑ ቀጭን እንጨት ላይ የተለበጠ ነው፤ የሚለኮሰውም ጎዶሎ ቁጥር ሆኖ፣ አንድ ወይም ሦስት ነው። መለኮስ ግዴታ አይደለም። ሃይማኖቴ አይፈቅድም የሚል ሰው ዳር ቆሞ ቢያይ ማንም ክፉ ዓይን አያሳየውም።

ታይ ፉኦንግ

ከቹዋ ታይ በመኪና ቅርብ ነው። ግን ከ230 በላይ ደረጃ አለው። አትቸኩሉ፣ ድንጋዩ ከዘነበ ያዳልጣል።

ላይ ስትደርሱ ሦስት ተከታታይ ቤቶች ታገኛላችሁ፣ ጣሪያቸው ጫፍ ጫፉ ወደ ላይ የታጠፈ። ሰው የሚመጣው ግን ውስጥ ላሉት የእንጨት ምስሎች ነው። ጃክፍሩት ከሚባል የፍራፍሬ ዛፍ እንጨት የተቀረጹ ናቸው፣ የአብዛኞቹ ዕድሜም ከ18ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ይጀምራል። አሥራ ስምንቱን የእምነቱን አባቶች አንድ በአንድ እዩዋቸው፣ ፊታቸው አንዱ ከአንዱ አይገጥምም። አንዱ አዝኗል፣ አንዱ ፈገግ ብሏል፣ አንዱ ሽማግሌ ጉንጩ ጎድጉዷል።

እኔን ያስቆመኝ በጾም የከሳው የቡድሃ ምስል ነው። ቡድሃ እውነትን ፍለጋ ራሱን በረሃብ የቀጣበትን ዘመን ያሳያል። የጎድን አጥንቱ ይቆጠራል፣ የክንዱ ደም ሥር ገመድ ገመድ ይላል። ባሕታዊ ያየ ኢትዮጵያዊ ይህን ምስል ያለ አስተርጓሚ ይረዳዋል። ብርሃኑ ደብዘዝ ያለ ነው፤ ዓይናችሁ እስኪለምድ ሁለት ደቂቃ ዝም ብላችሁ ቁሙ። ያኔ ነው ፊቱ የሚወጣላችሁ።

ከቀትር ጀምሮ ዱኦንግ ላም

በሞንግ ፉ በር ግቡ። ትልቅ ዛፍ፣ ኩሬ፣ ዝቅ ያለ የድንጋይ በር። ትኬት እዚያው ይቆረጣል፣ ብስክሌትም ይከራያል። ዱኦንግ ላም እ.ኤ.አ. በ2005 የአገር ቅርስ ተብላ የተመዘገበች መንደር ናት፣ ግን ሙዚየም አይደለችም። ሰው ይኖርባታል፣ ዶሮ ይሯሯጥባታል፣ ልጆች ከትምህርት ቤት ይመለሱባታል።

ግድግዳዎቹን ጠጋ ብላችሁ እዩ። ቀይ ቡኒ ናቸው፣ እንደ ማር እንጀራ ቀዳዳ ቀዳዳ አላቸው። በእነሱ ቋንቋ ስሙ “የንብ ድንጋይ” ነው። ከመሬት ሲወጣ ለስላሳ ስለሆነ እንደ ጡብ ይቆረጣል፣ አየር ሲያገኘው ይጠነክራል። ለዚህ ነው ከቤት እስከ ጉድጓድ ሁሉም በእሱ የተሠራው።

ምሳ ላይ ትሪው መሃል ይቀመጣል፤ የመንደሩ ዶሮ፣ አረንጓዴ ቅጠላ ቅጠል፣ ቶፉ፣ ሾርባ። ዙሪያውን ትቀመጣላችሁ፣ ሁሉም ከአንድ ትሪ እየቀነሰ በየሳህኑ ይበላል። ታናሽ ታላቁን “እንብላ” ሳይል አይጀምርም። እኛ ይህን አናጣውም። አጠራራቸውም ቅርብ ነው፤ “አንተ” “አንቺ” የሚል አንድ ቃል ይዘው አይሄዱም። በዕድሜ እያዩ “አን” ታላቅ ወንድም፣ “ቺ” ታላቅ እህት፣ “ባ” አያት ይላሉ። የቤቱን እመቤት ዕድሜዋን አይታችሁ “ቺ” ወይም “ባ” ብላችሁ ጥሩ፣ ፊቷ ሲበራ ታያላችሁ።

ከምሳ በኋላ ግቢውን ጠይቁና ዙሩ። ጥግ ላይ የተደረደሩት ጋኖች ጠላ አይደሉም። ውስጣቸው ቱኦንግ አለ፤ ከአኩሪ አተር፣ ከሩዝና ከጨው ፀሐይ ላይ እየተብላላ የሚሠራ ማጣፈጫ። ባለቤቷ የአንዱን ክዳን ከፈተችልኝና በማንኪያ አቀመሰችኝ። መጀመሪያ ጨው፣ ቀጥሎ ጣፈጥ የሚል፣ መጨረሻ ላይ የብቅል ሽታ የመሰለ ነገር። ከዚያ የቅጠል ሻይ ቀዳችና ከተቆላ ሩዝ ዱቄት፣ ከዝንጅብልና ከኦቾሎኒ የሚሠራውን ቼ ላም ቆርሳ አቀረበች። አስጎብኚያችን ማውራቱን ትቶ መተርጎም ብቻ ያዘ። ስለ ልጆቿ፣ ስለ ጣሪያው ጥገና፣ ስለ እናቴ ተጨዋወትን። አስጎብኚ ስትመርጡ የሚያስፈልጋችሁ እንዲህ ያለ ሰው ነው፣ ሲያስፈልግ ወደ ኋላ የሚል።

ጊዜ ካላችሁ የሞንግ ፉን “ዲን” እዩ፣ የመንደሩ መንገዶች ከእሱ ዙሪያ ይበተናሉ። ሚያ ፓጎዳ ደግሞ 287 ምስሎች አሉት፣ አብዛኞቹ የሸክላ አፈር ናቸው። ታሪክ የምትወዱ የንጎ ኩየንን “ደን” አትለፉ። ይህ ሰው እ.ኤ.አ. በ938 ባክ ዳንግ ወንዝ ውስጥ ሹል እንጨት አስተክሎ፣ የባሕሩ ውሃ ሲጎድል የቻይናውያኑን መርከቦች ያስያዘ ነው፤ የሺህ ዓመት ያህሉ የቻይና አገዛዝ በዚያ ድል አበቃ። መንደሩ ፉንግ ሁንግን ጨምሮ የሁለት ነገሥታት አገር ይባላል።

መመለሻ

ከቀኑ አሥር ሰዓት ላይ፣ በእነሱ 4:00፣ ተነሱ። ከዚያ ካለፋችሁ የሃኖይ መግቢያ ይዘጋጋል። ለአስጎብኚውና ለሹፌሩ ለየብቻ ጉርሻ ስጡ፣ ሹፌሩ ይረሳልና። መንደሩ ውስጥ ግዢ ካላችሁ ከጋኑ ባለቤት በቀጥታ ግዙ። ቼ ላም ለአገር ቤት ስጦታ ይሆናል፣ ዝንጅብሉን ሰው ይወደዋል። ቱኦንግ የምትይዙ ግን ፈሳሽ ስለሆነ በእጅ ሻንጣ አያልፍም፤ ጠርሙሱን ሁለት ፌስታል ውስጥ አስራችሁ በሚጫነው ሻንጣ ልብስ መሃል ክተቱት።