የነጋዴውን ደረጃ 5 ተልዕኮ የሚያበላሹ ስህተቶች

ሰቨን ዴይስ ቱ ዳይ የተባለውን የዞምቢ ቪዲዮ ጌም የሚጫወት ሰው አንድ ቀን እዚህ ጋ መድረሱ አይቀርም። ትንንሽ ቤቶችን እያጸዳችሁ፣ የተቀበረ ዕቃ እየቆፈራችሁ፣ ለነጋዴው ሬክት ወይም ለጄን ስትላላኩ ትከርማላችሁ። ከዚያ ዝርዝሩ ላይ «ደረጃ 5» የሚል ይመጣል፤ ዲሾንግ ታወር ወይም ሂጋሺ ፋርማሱቲካልስን የመሰለ ግዙፍ ሕንፃ ግቡና ያለውን ዞምቢ ሁሉ ጨርሱ ይላችኋል። ዋናውን ጌም ለመቀጠል ግዴታ አይደለም። ግን ጥሩው ዕቃ ያለው እዚያ ነው።

ጌሙ እ.ኤ.አ. በ2013 መጨረሻ ሳያልቅ ለሽያጭ ወጥቶ፣ 1.0 የተባለው እትም የደረሰው በ2024 ሐምሌ ነው። በእነዚያ ዓመታት ብዙ ነገር ተቀያይሯል። ተጫዋቹ በዚህ ተልዕኮ የሚወድቅበት ምክንያት ግን እኔ እስካየሁት ድረስ ያው ነው። ጥይት የማይስት ሰው ሲሸነፍ አይቻለሁ፤ ተኩስ የማይችል ሰው ደግሞ ሰዓቱንና ቦታውን አስቦ ስለገባ ብቻ ጨርሶ ሲወጣ አይቻለሁ። ከታች የምዘረዝራቸው አብዛኞቹ ስህተቶች የሚሠሩት ገና በሩ ሳይከፈት ነው።

ሰዓት ሳያሰሉ መቀበል

የመጀመሪያውና የከፋው ይህ ነው። በጌሙ መነሻ ሴቲንግ አንድ ሙሉ ቀን በእኛ ሰዓት 60 ደቂቃ ነው። ስለዚህ የጌሙ አንድ ሰዓት ሁለት ደቂቃ ተኩል ይሆናል። ነጋዴው የሚከፍተው ከ6:00 ትንሽ አለፍ ብሎ ሲሆን 22:00 ሊሞላ ሲል ይዘጋል፤ በእኛ አቆጣጠር ከጠዋቱ 12 ሰዓት እስከ ምሽቱ 4 ሰዓት ማለት ነው። በደቂቃ ሲመታ 40 ገደማ ብቻ ነው። ከዚህ ላይ የመንገዱን ቀንሱ፣ ጥይት ለመሸጥና ለመግዛት የቆማችሁበትን ቀንሱ። አንድ ደረጃ 5 ሕንፃ ደግሞ በጥንቃቄ ለሚሄድ ሰው ያን ሁሉ ጊዜ ሊበላ ይችላል።

እኩለ ቀን ላይ ተልዕኮ ተቀብሎ የሚሄድ ሰው እንግዲህ ሕንፃው መሃል ላይ ይመሽበታል። ሌሊት ዞምቢዎቹ ይሮጣሉ። ቀን እያዘገመ ሲመጣ በአንድ ጥይት የምትጥሉት፣ ማታ ሁለተኛውን ሳትተኩሱ ደርሶባችኋል። እኔ የምመክረው ተልዕኮውን ማታ ከመዘጋቱ በፊት ተቀብሎ፣ ሕንፃው አጠገብ ባለ ደህና ጣሪያ ላይ አድሮ፣ ጎሕ ሲቀድ 4:00 ላይ መጀመር ነው። ነጋዴው እስኪከፍት መጠበቅ ስለሌለባችሁ ቀኑ ሙሉ የእናንተ ይሆናል።

የቀኑንም ቁጥር እዩ። በየ7 ቀኑ የደም ጨረቃ አለ፤ በ7ኛው፣ በ14ኛው፣ በ21ኛው ቀን ማታ ከ22:00 እስከ ንጋት 4:00 መንጋው የትም ብትሆኑ ፈልጎ ይመጣባችኋል። በዚያ ቀን ስክሪኑ ላይ የቀኑ ቁጥር ቀይ ይሆናል። ቁጥሩ ቀልቶ እያያችሁ ደረጃ 5 አትቀበሉ። በማግሥቱም ቢሆን፣ ጥይታችሁ ምን ያህል እንደቀረ ሳትቆጥሩ አትሂዱ።

ዕቃ ውስጥ አስቀምጦ ምልክቱን መንካት

ሕንፃው ጋ ስትደርሱ የተልዕኮው መጀመሪያ ምልክት አለ። እሱን ስትነኩ ጌሙ ሕንፃውን እንደ አዲስ ይሠራዋል። የተሰበረው በር ይገጠማል፣ የተከፈተው ሣጥን ይሞላል፣ የተገደለው ዞምቢ ቦታው ይመለሳል። እናንተ የጨመራችሁት ነገር ደግሞ ይጠፋል።

ይህን ያወቅሁት በከባዱ መንገድ ነው። ዱባይ ካለ ጓደኛዬ ጋር አርብ ማታ እንጫወታለን። እኔ ቀድሜ ደርሼ ግቢው ውስጥ አንድ የእንጨት ሣጥን አኖርኩና ፋሻውን፣ አንቲባዮቲኩን፣ ትርፍ ጥይቱን ሁሉ ከተትኩበት፤ ቦርሳዬ እንዲቀለኝ ብዬ። እሱ ሲደርስ «ጀመርኩ» አለኝ። ዞር ስል ሣጥኑ የለም፤ ሣጥኑ የነበረበት ቦታ ሣር በቅሎበታል። የሦስት ቀን ሥራችን በአንዲት ቁልፍ ሄደ። ጓደኛዬ ምንም አላጠፋም፤ ጥፋቱ ሳልነግረው ያስቀመጥኩት የእኔ ነው።

ስለዚህ ሣጥንም ሆነ መሰላል ከሕንፃው ክልል ውጭ፣ መንገድ ማዶ አድርጉ። ብዙ ሰው ሆን ብሎ ይህን ዳግም አሠራር ይጠቀምበታል፤ መጀመሪያ ሣጥኖቹን አራግፎ፣ ከዚያ ምልክቱን ነክቶ እንደገና ይለቅማል። በትንንሽ ቤቶች ላይ ጥሩ ዘዴ ነው። ደረጃ 5 ላይ ግን ያንኑ ሕንፃ ሁለቴ መዋጋት ስለሆነ አልመክርም።

ከጓደኛ ጋር ከሆናችሁ ደግሞ ተልዕኮውን ምልክቱ ሳይነካ በፊት ሼር አድርጉ። ከተጀመረ በኋላ ማካፈል አይቻልም፤ አብሯችሁ የተዋጋው ሰው ነጋዴው ፊት ባዶ እጁን ይቆማል።

የበራው ክፍል መሃል መግባት

እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ብዙ ሰው የሚሞተው እዚህ ነውና።

ሕንፃዎቹ የተሠሩት በታሰበ መንገድ ነው። ፋኖስ፣ ሻማ፣ የበራ አምፖል እያሳየ ወደፊት ይመራችኋል። ያንን ብርሃን መከተል ስህተት አይደለም፤ ስህተቱ ብርሃኑ የሚያደርሳችሁን ቦታ ማመን ነው። አንድ ሰፊ ክፍል አስቡ። መሃሉ ላይ መብራት፣ ከመብራቱ ሥር የጥይት ሣጥን፣ ዙሪያውን ጸጥታ። መሬቱ ላይ ሁለት ሬሳ የመሰሉ ዞምቢዎች ተኝተዋል። እነሱን ከበሩ ላይ ትመታላችሁ፣ ይወድቃሉ፣ ወደ ሣጥኑ ትራመዳላችሁ። ክፍሉ የሚነቃው ያን ጊዜ ነው። ከቁም ሣጥኑ ውስጥ አንዱ ይወጣል፣ ከኮርኒሱ ሁለት ይወድቃሉ፣ ካለፋችሁበት በር ጀርባ ሌላ ይመጣል። መሃል ላይ ስለቆማችሁ ጀርባ የምትሰጡት ግድግዳ የላችሁም።

አራት ነገር አድርጉ። ወደ ክፍሉ ከመግባታችሁ በፊት ኮርኒሱን እዩ፤ ቀዳዳ ወይም የተሰበረ ሰሌዳ ካለ ከዚያ የሚወርድ አለ። በመቀጠል የቁም ሣጥኖቹን በር ከሩቅ በጥይት ወይም በቀስት ምቱ። ከዚያ የምትሸሹበትን በር ወስኑ፤ አንድ ሰው ብቻ የሚያሳልፍ ጠባብ በር ከሆነ መንጋው አንድ በአንድ ይመጣላችኋል። በመጨረሻም አንድ ሁለት እርምጃ ገብታችሁ ቀስቅሷቸውና ወደዚያ በር ተመለሱ። ሣጥኑ የትም አይሄድም።

የምትረግጡትንም ወለል ጠርጥሩ። አንዳንዱ ወለል ሆን ተብሎ የሚሰበር ነው፤ ከታች እግራችሁ ተሰብሮ ስትነሡ ዙሪያችሁን ከበው ታገኟቸዋላችሁ። የእንጨት ፍሬም (በቀላሉ የሚተከል መገንቢያ) 20 ያህል ቦርሳ ውስጥ አንድ ቦታ ብቻ ይይዛል፤ ተሸጋግራችሁ ታልፋላችሁ፣ ከጉድጓድ ትወጣላችሁ፣ በር ትዘጋላችሁ።

ከጣሪያ መጀመርስ? ዋናው ሣጥን ብዙ ጊዜ ጫፍ ላይ ስለሆነ ያጓጓል። የታዘዛችሁት ዕቃ ማምጣት ብቻ ከሆነ ይሠራል። «አጽዱ» ከተባላችሁ ግን ሁሉንም መግደል አለባችሁ፤ ከላይ ወደ ታች ስትመጡ ሕንፃው ባልታሰበ ቅደም ተከተል ይነቃባችኋል።

ሁሉንም ዞምቢ በአንድ ዓይነት መምታት

ሆዱ የተነፋው የፖሊስ ዞምቢ ከሩቅ ይተፋባችኋል፤ ጉዳቱ ሲበዛበት ደግሞ ሮጦ መጥቶ ይፈነዳል። ስለዚህ ቆስሎ ያያችሁት ፖሊስ ላይ መዶሻ ይዛችሁ አትቅረቡ። ወይ ከሩቅ ጨርሱት፣ ወይ በር ዘግታችሁ ለብቻው ይፈንዳ።

አረንጓዴ የሚያበሩት የጨረር ዞምቢዎች ደግሞ ሕይወታቸው በራሱ ይሞላል። ሁለት ጥይት አንዱ ላይ፣ ሁለት ሌላው ላይ እያላችሁ ከተዟዟራችሁ ጥይቱ በከንቱ ያልቃል። አንዱን ያዙ፣ ጭንቅላቱን ምቱ፣ ጨርሱት፣ ከዚያ ወደ ሌላው። ራድ ሪሙቨር የሚባለውን ሞድ (መሣሪያ ላይ የሚገጠም ማሻሻያ) መሣሪያችሁ ላይ ከገጠማችሁ ማገገማቸውን ያቆመዋል፤ ካገኛችሁት አትሽጡት።

ሲጨንቃችሁ ከግቢው መውጣት

መሸሽ ተገቢ ነው። ግን ተልዕኮው ክልል አለው፤ ከዚያ ርቃችሁ ከወጣችሁ ማስጠንቀቂያ ይመጣና ካልተመለሳችሁ ተልዕኮው ይሰረዛል። አራት ፎቅ አጽድተው በድንጋጤ መንገድ ተሻግረው የሮጡ ሰዎች አሉ። ምልክቱን ከመንካታችሁ በፊት ግቢውን አንድ ጊዜ ዞራችሁ እዩትና መሸሻችሁን በክልሉ ውስጥ አድርጉት። ከፍ ያለ ቦታ ጥሩ ነው፣ ግን እዚያ ላይ አትዘግዩ፤ ሊደርሱባችሁ ካልቻሉ የቆማችሁበትን ምሰሶ መደብደብ ይጀምራሉ፣ ሲፈርስ አብራችሁ ትወርዳላችሁ።

ሕክምናን ለኋላ ማቆየት

ይህ አጭር ነው። ኢንፌክሽን ከያዛችሁ ቀስ እያለ ያድጋል፣ እንደ ጀመረ ያዙት። ማር ገና ለጀማሪው ይበቃል፤ የዛፍ ጉቶ ስትሰብሩ ስለሚገኝ መንገድ ላይ የምታዩትን ጉቶ አትለፉ። ለባሰው አንቲባዮቲክ ያስፈልጋል። ስታሚናችሁ (የጉልበት መጠናችሁ) ሲያልቅ መዶሻ ማወዛወዝ አቁማችሁ ወደ ኋላ ሂዱ። ውኃና ምግብም ከመግባታችሁ በፊት ሙሉ ይሁን።

ሽልማቱን በመልኩ መምረጥ

ጨርሳችሁ ስትመለሱ ሰዓቱን እንደገና እዩ፤ ሲዘጋ ውስጥ ብትሆኑም ነጋዴው ያስወጣችኋል። በጊዜ ከደረሳችሁ ከተዘረጉት ሽልማቶች ውስጥ እንድትመርጡ ትጠየቃላችሁ። ዴሪንግ አድቬንቸረር የተባለውን ፐርክ (በነጥብ የሚገዛ ችሎታ) ከፍ ያደረገ ሰው ሁለት እስከ መምረጥ ይደርሳል። አብዛኛው ሰው ዓይኑ የሚሄደው ወደ ጠመንጃው ነው። ጠመንጃ ግን ምናልባት አላችሁ። በቅርቡ አንድ የሕክምና ፋብሪካ ጨርሰን ስንመለስ ጓደኛዬ የሚያምር ማሽንገን አየና «እሱን ውሰድ» አለኝ። ቦርሳዬን ከፈትኩ፦ 11 ጥይት። የደም ጨረቃው በማግሥቱ ነበር። የጥይት ጥቅሉን ወሰድኩ፤ ግማሹን ለእሱ ሰጠሁትና ፀሐይ ሳትጠልቅ ወደ ቤታችን ነዳን።